የደመወዝ ልዩነቱ ምክንያት ከተገኘለት መድልዎ የለም ማለት ነው?

ጥያቄ፦ «በመሥሪያ ቤታችን የወንዶችና የሴቶች ደመወዝ ይለያያል። ይህን አንስተን ስንከራከር አንድ የሥራ ባልደረባዬ፣ ‹ጥናቶች እኮ ትምህርት፣ ልምድና የሥራ መደብ ግምት ውስጥ ሲገቡ ልዩነቱ ይጠፋል ነው የሚሉት፤ ስለዚህ መድልዎ የሚባል ነገር የለም› አለኝ። መልስ አጣሁ። እውነቱን ነው? ኢኮኖሚስቶችስ መድልዎን ከሌላው ምክንያት እንዴት ነው የሚለዩት?»

ምላሽ፦

ባልደረባዎ ግማሹን በትክክል ይዞታል። ልዩነቱ ይቀንሳል። ግን አይጠፋም። ቢጠፋ እንኳ «መድልዎ የለም» ወደሚለው በአንድ እርምጃ መዝለል አይቻልም።

መጀመሪያ ቁጥሩን እንየው። በዚህ ጉዳይ በብዛት ከሚጠቀሱት ሥራዎች አንዱ ፍራንሲን ብላውና ሎውረንስ ካን በ2017 ያሳተሙት ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) በ2010 በአሜሪካ ሙሉ ጊዜ የሚሠሩ ወንዶች በሰዓት 100 ሲያገኙ ሴቶቹ የሚያገኙት 79 ገደማ ነበር። ከዚያ አጥኚዎቹ ትምህርትን፣ የሥራ ልምድን፣ ዘርን፣ የመኖሪያ አካባቢን፣ የሠራተኛ ማኅበር አባልነትን፣ ኢንዱስትሪንና የሥራ መደብን አስገቡ። በእነዚህ ሁሉ የሚመሳሰሉ ወንድና ሴት ሲነጻጸሩ 79 የነበረው ወደ 92 ገደማ ከፍ አለ። አብዛኛው ክፍተት ምክንያት ተገኘለት፤ 8 ያህሉ ግን ቀረ።

ይህ ዓይነቱ ስሌት አዲስ አይደለም። በ1973 ሮናልድ ኦሃካና አላን ብላይንደር በየፊናቸው አንድ ዓይነት ዘዴ አቀረቡ። ጠቅላላው ክፍተት ለሁለት ይከፈላል። አንዱ በሚታዩ ነገሮች የሚብራራው ነው፤ ለምሳሌ ወንዶቹ ተጨማሪ ዓመት ልምድ ስላላቸው የመጣ ልዩነት። ሌላው የሚታየው ነገር ሁሉ እኩል ሆኖም የሚቀረው ነው። ብዙ ሰው «የተብራራውን» ሕጋዊ ልዩነት፣ «ያልተብራራውን» መድልዎ አድርጎ ያነበዋል። ሁለቱም ንባብ ስህተት ነው። ክርክራችሁም የተሰናከለው እዚህ ላይ ይመስለኛል።

አንድ የሒሳብ ምሳሌ ላቅርብ። 100 ወንድና 100 ሴት የሚሠሩበት ድርጅት አለ እንበል። ኃላፊ የሆነ ሁሉ 20 ሺህ፣ ኃላፊ ያልሆነ ሁሉ 10 ሺህ ያገኛል። ከዚህ ውጪ ምንም ልዩነት የለም። ከወንዶቹ 40፣ ከሴቶቹ 10 ኃላፊ ናቸው። የወንዶች አማካይ ደመወዝ 14 ሺህ፣ የሴቶች 11 ሺህ ይሆናል። አሁን የባልደረባዎን ስሌት እንሥራ። ኃላፊን ከኃላፊ፣ ተራ ሠራተኛን ከተራ ሠራተኛ እናነጻጽር። ክፍተቱ ዜሮ ነው። ድንቅ! ግን 40 እና 10 ከየት መጣ? ሴቶቹ እድገት እየተከለከሉ ከሆነ ስሌቱ መድልዎውን አላስወገደውም፤ «የሥራ መደብ» በሚል ስም ሸፈነው እንጂ። በአንጻሩ ወንዶቹ በአማካይ አሥር ዓመት ቀድመው የተቀጠሩ ከሆነ ነገሩ ሌላ ነው። ደመወዙን ብቻ እያዩ ሁለቱን መለየት አይቻልም።

በሌላ በኩል ደግሞ ያልተብራራው 8 ሁሉ መድልዎ ነው ማለትም አይቻልም። መረጃው ውስጥ ያልገባ ብዙ ነገር አለ። ሰውየው ደመወዝ ሲደራደር ምን እንዳለ፣ ለጉዞ ዝግጁ መሆኑን፣ ዲግሪው በየትኛው ዘርፍ እንደሆነ ሁልጊዜ አናውቅም። ቀሪው ቁጥር የመድልዎ መለኪያ ሳይሆን ያላወቅነው ነገር መለኪያ ነው። እና እንደ አጥኚ ምክሬ፣ አንድ ሰው አንድ ቁጥር ብቻ ይዞ «አለ» ወይም «የለም» ብሎ ሲከራከርዎት «ምን ከምን ጋር አነጻጸርክ?» ይበሉት።

ነገሩ በቅርበት ሲታይ ምን እንደሚመስል የሚያሳይ አንድ የምወደው ጥናት አለ። ቫለንቲን ቦሎትኒና ናታልያ ኢማኑኤል የቦስተንን የሕዝብ ትራንስፖርት አውቶቡስና ባቡር አሽከርካሪዎች አጠኑ። ቦታው የተመረጠው በምክንያት ነው። ሠራተኛው በማኅበር የተደራጀ ነው። የሰዓት ክፍያ በኅብረት ስምምነት ተወስኗል። እድገትም ሆነ የፈረቃ ምርጫ የሚሄደው በአገልግሎት ዘመን ነው። አለቃ ደስ ያላለውን ሰው ደመወዝ የሚቀንስበት መንገድ የለም። ሴትና ወንድ አንድ ዓይነት መሪ ጨብጠው አንድ ዓይነት የሰዓት ክፍያ ያገኛሉ። ታዲያ ክፍተቱ ዜሮ መሆን ነበረበት፤ አይደል?

አልሆነም። ወንዶቹ 1 ዶላር ሲያገኙ ሴቶቹ የሚያገኙት 89 ሳንቲም ነበር። ምክንያቱ ሰዓት ነው። ወንዶቹ በዓመት ከሴቶቹ 83 በመቶ የሚበልጥ ኦቨርታይም ይሠሩ ነበር። ያለ ክፍያ የሚወስዱት እረፍት ደግሞ በ48 በመቶ ያነሰ ነበር። በተለይ ድንገት የሚመጣ ኦቨርታይም ሲሆን ልዩነቱ ይሰፋል። ነገ የሚቀር ሰው አለ፣ ፈረቃውን ማን ይሸፍናል ሲባል ለመነሳት የሚቀለው ወንዱ ነው። ልጅ የሚጠብቃት ሴት፣ በተለይ ብቻዋን የምታሳድግ ከሆነች፣ ገንዘቡን ብትፈልገውም በአጭር ማስጠንቀቂያ አዎ ማለት አትችልም። ቅዳሜና እሑድን፣ በዓልንና የተከፋፈለ ፈረቃንም ሴቶቹ ከወንዶቹ ይበልጥ ይሸሻሉ።

ይህ መድልዎ ነው? ማንም አለቃ ማንንም ሴት አልበደለም። ግን ደግሞ «ምርጫዋ ነው» ብሎ መዝጋት አይቀናኝም። ፈረቃ የሚመደብበት ሥርዓት ቢለወጥ፣ ለምሳሌ ሠራተኞች በመካከላቸው በቀላሉ ፈረቃ መለዋወጥ ቢችሉ፣ አንድም ሰው ባሕርዩን ሳይለውጥ ክፍተቱ ሊጠብ ይችላል። የደመወዝ ልዩነት ያለ ክፉ ሰው ሊኖር እንደሚችል የሚያሳይ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አላውቅም።

በ2023 የኢኮኖሚክስ የኖቤል ሽልማት ያገኘችው ክላውዲያ ጎልዲን ለዓመታት ስትለው የቆየችው ነገር ከዚህ ጋር ይገናኛል። አንዳንድ ሥራዎች ረጅምና ያልተጠበቀ ሰዓት ለሚሰጥ ሰው ከልክ በላይ ይከፍላሉ። 60 ሰዓት የሚሠራው ሰው 30 ሰዓት ከሚሠራው የሚያገኘው እጥፉን ብቻ አይደለም፤ ከእጥፍ በላይ ነው። ባልና ሚስት እንዲህ ባለው ገበያ ውስጥ ሲገቡ አንዳቸው ትልቁን ገንዘብ፣ አንዳቸው ቤቱን መያዝ ያዋጣቸዋል። ቤቱን የሚይዘው ማን እንደሚሆን እናውቃለን።

ጎልዲን ከማሪያን በርትራንድና ከሎውረንስ ካትዝ ጋር የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ የቢዝነስ ትምህርት ቤት ምሩቃንን ተከታትለው ነበር። ሲመረቁ የወንዶቹና የሴቶቹ ገቢ ተቀራራቢ ነው። ከአሥር ዓመት በኋላ ሲታይ ገደል ሆኗል። ሥራ አቋርጦ መቆየትና የሳምንት የሥራ ሰዓት ማነስ ትልቁን ድርሻ ይይዛሉ፤ ከሁለቱም ጀርባ በአብዛኛው ልጅ አለ። በዴንማርክ ሄንሪክ ክሌቨንና ባልደረቦቹ ከመጀመሪያው ልጅ መወለድ በፊትና በኋላ ያለውን ገቢ ተከትለው አዩ። እናቶቹ በረጅም ጊዜ 20 በመቶ ያህል ገቢ ከአባቶቹ አንጻር አጡ። የአባቶቹ የገቢ መስመር ልጅ የተወለደ እንኳ አይመስልም። ዴንማርክ ደግሞ ለወላጅ ፈቃድና ለሕፃናት ማቆያ ገንዘብ ከሚያፈሱ አገሮች አንዷ ናት።

እሺ፣ ትክክለኛው መድልዎስ? ሰው በማንነቱ ብቻ ሲገፋ እንዴት ነው የሚያዘው? እዚህ ላይ ኢኮኖሚስቶች ስሌቱን ትተው ወደ ሙከራ ሄዱ። ሐሳቡ ቀላል ነው። ሁለት ሲቪ ይዘጋጃል። ሁሉም ነገር ተመጣጣኝ ነው፤ ስሙ ብቻ ይለያል። ከዚያ ለእውነተኛ ክፍት የሥራ ቦታ ይላካልና ማን እንደሚደወልለት ይቆጠራል።

ዝነኛው ሙከራ የማሪያን በርትራንድና የሴንድሂል ሙላይናታን ነው። የታተመው በ2004 ነው። በቦስተንና በቺካጎ ጋዜጦች ለወጡ ከ1,300 በላይ ማስታወቂያዎች ወደ 5,000 የሚጠጋ ሲቪ ላኩ። ግማሹ ኤሚሊና ግሬግ እንደሚሉት ያለ የነጭ የሚመስል ስም ተሰጠው። ግማሹ ላኪሻና ጀማል እንደሚሉት ያለ የጥቁር አሜሪካዊ የሚመስል ስም። ነጭ ከሚመስሉት 9.65 በመቶዎቹ ተደወለላቸው፤ ጥቁር ከሚመስሉት 6.45 በመቶዎቹ። አንድ ጥሪ ለማግኘት አንዱ 10 ያህል ማመልከቻ ይበቃዋል፤ ሌላው 15 ያህል ያስፈልገዋል። እኔን ይበልጥ የሚያስደነግጠኝ ግን ሌላው ግኝት ነው። ሲቪው ላይ ልምድና ችሎታ ሲጨመርበት ነጭ ስም ያለው ጥሪ በግልጽ ይጨምራል፤ ጥቁር ስም ያለው ግን እምብዛም አይጨምርም። «ራስህን አሻሽል» የሚለው ምክር ለሁሉም እኩል አይሠራም ማለት ነው።

ሙከራው ጉድለት የለውም አልልም። የሚለካው የስልክ ጥሪን ነው፤ ቅጥርን ወይም ደመወዝን አይደለም። በትውውቅ የሚገኝ ሥራ ውስጥ አይገባም። (የቀጣሪዎችን ጊዜ በሐሰተኛ ሲቪ ማባከን ተገቢ ነው ወይ የሚለውም ክርክር አላለቀም። እኔ ተገቢ ነው ባይ ነኝ።) ደግሞም አማካይ ነው የሚሰጠው። ፓትሪክ ክላይን፣ ኢቫን ሮዝና ክሪስቶፈር ዋልተርስ ይህን የመጨረሻ ጉድለት ለመሙላት 83,000 ያህል ማመልከቻ ለ108 ግዙፍ የአሜሪካ ኩባንያዎች ላኩ። በ2022 የወጣው ውጤት እንዲህ ይላል፦ በጥቁሮች ላይ ከሚደርሰው ጉዳት ግማሽ ያህሉ የሚመጣው ከኩባንያዎቹ አንድ አምስተኛ ከሚሆኑት ነው። ብዙዎቹ ኩባንያዎች ላይ ያለው ልዩነት ትንሽ ነው።

በጾታ ላይ የታየው ደግሞ ለእርስዎ ጥያቄ በጣም ይጠቅማል። በአማካይ ሲታይ በሴትና በወንድ ስም መካከል ይህ ነው የሚባል ልዩነት አልተገኘም። ባልደረባዎ ይህን ቢያይ ፈንጠዝያ ነበር። ግን አንዳንዶቹ ኩባንያዎች ለወንድ፣ ሌሎቹ ለሴት በግልጽ ያደላሉ፤ ሲደመሩ ይጣፋሉ። አንድ ኩባንያ በር ላይ የተመለሰች ሴት «በአማካይ መድልዎ የለም» ቢሏት ምን ይፈይድላታል?

ቀጣሪዎች ለምን እንዲህ ያደርጋሉ በሚለው ላይ ሁለት የቆዩ ማብራሪያዎች አሉ። ጌሪ ቤከር በ1957፣ አንዳንድ ቀጣሪ ከአንዳንድ ሰው ጋር መሥራት ስለማይፈልግ ብቻ ይገፋል፤ ለዚህም ገንዘብ እስከማጣት ይደርሳል አለ። ኤድመንድ ፌልፕስና ኬኔት አሮው በ1970ዎቹ መጀመሪያ ሌላ ነገር ጨመሩ። ቀጣሪው ስለ አመልካቹ በቂ መረጃ የለውም፤ ስለዚህ ስለ ቡድኑ ያለውን ግምት በግለሰቡ ላይ ይለጥፋል። ልዩነቱ የንድፈ ሐሳብ ጨዋታ ብቻ አይደለም። አማንዳ ኤጋንና ሶንያ ስታር በኒው ጀርሲና በኒው ዮርክ ከተማ ያደረጉትን ልጥቀስ። በሁለቱም ቦታ ቀጣሪዎች ማመልከቻ ቅጽ ላይ «ተፈርዶብህ ያውቃል?» ብለው እንዳይጠይቁ የሚከለክል ሕግ ወጣ። ዓላማው በጎ ነበር። አጥኚዎቹ ከሕጉ በፊትና በኋላ ወደ 15,000 ማመልከቻ ላኩ። ጥያቄው ቅጹ ላይ በነበራቸው ቀጣሪዎች ዘንድ ነጭ አመልካቾች ከጥቁሮቹ በ7 በመቶ የበለጠ ጥሪ ያገኙ ነበር። ጥያቄው ከቅጹ ሲሰረዝ ብልጫው 43 በመቶ ደረሰ። መረጃው ሲጠፋ ቀጣሪው ግምቱን ተጠቀመ።

አሁን ብዙ ጊዜ የሚረሱትን ሰዎች ላንሳ፤ ሥራ የሌላቸውን። ስለ ደመወዝ የምናወራው ደመወዝ ስላለው ሰው ብቻ ነው። ዝቅተኛ ተከፋይ የሆኑ ሴቶች በብዛት ከሥራ ቢወጡ የቀሩት ሴቶች አማካይ ከፍ ይላል፤ ክፍተቱ የጠበበ ይመስላል። ማንም ግን አልተጠቀመም። ጄምስ ሄክማን በ2000 ኖቤል የተሸለመው በዋናነት እንዲህ ያለውን ችግር በስሌት የሚያርም ዘዴ ስላቀረበ ነው። ፓትሪክ ባየርና ከርዊን ቻርልስ በአሜሪካ ወንዶች ላይ ሥራ የሌላቸውንም ጨምረው ሲያሰሉ፣ በጥቁርና በነጭ መካከል ያለው የመካከለኛ ገቢ ክፍተት በ2014 ልክ በ1950 እንደነበረው ሰፊ ሆኖ አገኙት። የሠራተኛውን ደመወዝ ብቻ ያየ ሰው መሻሻል ነው የሚያየው።

የሥራ አጥነት ቁጥሩም ቢሆን ሁሉንም አይይዝም። በዓለም አቀፉ መለኪያ ሥራ አጥ የሚባለው ሥራ የሌለው፣ ለመሥራት ዝግጁ የሆነና ሥራ የሚፈልግ ሰው ነው። ተስፋ ቆርጦ መፈለግ ያቆመ አይቆጠርም። በሳምንቱ ውስጥ ለክፍያ አንድ ሰዓት የሠራም ሥራ እንዳለው ይቆጠራል። ሥራ አጥነቱ ራሱ ደግሞ እንደ ምልክት ይለጠፋል። ኮሪ ክሮፍትና ባልደረቦቹ ወደ 12,000 የሚጠጋ ሐሰተኛ ሲቪ ልከው ሥራ ፈትቶ የቆየበት ጊዜ በረዘመ ቁጥር ጥሪው እንደሚቀንስ አይተዋል። ቁልቁለቱ በመጀመሪያዎቹ 8 ወራት ነው። ለወሊድ ወይም ሰው ለማስታመም ሥራ ያቋረጠች ሴት ስትመለስ ምን እንደሚገጥማት ከዚህ መገመት ይቻላል።

አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። ደመወዝዎ በእርስዎ ችሎታ ብቻ አይወሰንም፤ በየት እንደተቀጠሩም ይወሰናል። አንዳንድ ድርጅት ለጽዳት ሠራተኛውም ለሒሳብ ሠራተኛውም ከሌላው የተሻለ ይከፍላል። ዴቪድ ካርድ፣ አና ሩቴ ካርዶዞና ክላይን በፖርቱጋል እንዳዩት፣ ሴቶች ጥሩ ከፋይ ድርጅት ውስጥ የመግባት ዕድላቸው ያንሳል። ከገቡም በኋላ ከዚያ ተጨማሪ ክፍያ የሚደርሳቸው ወንዶቹ ከሚደርሳቸው 90 በመቶ ያህሉ ነው። ሁለቱ ተደምረው የክፍተቱን አንድ አምስተኛ ይሸፍናሉ።

ወደ እርስዎ መሥሪያ ቤት ልመለስ። የሰው ኃይል አስተዳደር መረጃ የሚሰጥዎ ከሆነ በአማካይ ደመወዝ አይጀምሩ። በአንድ ዓመት ውስጥ አብረው የተቀጠሩ፣ ተመሳሳይ መደብ ላይ የገቡ ወንዶችና ሴቶች መነሻ ደመወዛቸው ስንት እንደነበር ይጠይቁ። ያ እኩል ከሆነ ከሦስትና ከአምስት ዓመት በኋላ እድገት ያገኙት እነማን እንደሆኑ ይዩ። ከዚያ ኦቨርታይም፣ አበልና ቦነስ እንዴት እንደሚከፋፈሉ ይፈትሹ፤ በተለይ ማን እንደሚጠየቅና በስንት ሰዓት ማስጠንቀቂያ እንደሚጠየቅ። መጨረሻ ላይ የለቀቁትን ይቁጠሩ። ሴቶቹ ከወሊድ በኋላ እየለቀቁ ከሆነ የቀሩትን ማነጻጸር ብቻውን ያሳስታል። ልዩነቱ መነሻ ደመወዝ ላይ ከታየ ጉዳዩ ወደ መድልዎ ያመዝናል። እድገት ላይ ከታየ የአለቆቹ የግምገማ መንገድ ይመርመር። ኦቨርታይም ላይ ከታየ ደግሞ የፈረቃው አሠራር ይታይ። መድኃኒታቸው አንድ ዓይነት አይደለም።

ሠራተኛው ሠላሳ አርባ ሰው ብቻ ከሆነ ግን ስታቲስቲክስ ብዙ አይረዳዎትም። የሁለት ሰው ደመወዝ አማካዩን ያናውጠዋል። ያኔ የሚሻለው የደመወዝ ስኬሉ ይጻፍ፣ ለሁሉም ይታይ ብሎ መጠየቅ ነው። ግልጽነት ምን እንደሚያመጣ ዴንማርክ ላይ ታይቷል። በ2006 የወጣ ሕግ 35ና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ያላቸው ድርጅቶች የደመወዝ መረጃን በጾታ ለይተው ለሠራተኞቻቸው እንዲያሳዩ አስገደደ። ክፍተቱ ጠበበ። የጠበበው ግን በዋናነት የወንዶቹ ደመወዝ እድገት ስለተገታ ነው፤ የሴቶቹ እምብዛም ስላደገ አይደለም። ጥያቄውን ከማቅረብዎ በፊት ይህንን ወንድ ባልደረቦችዎ ቢሰሙት ይሻላል፤ ኋላ ሲደርስባቸው ከሚያኮርፉ።